ኪትስን ከመቃብሩ ጀምራችሁ አታንብቡ

ውድ ልጆቼ፣

እንግሊዛዊውን ገጣሚ ጆን ኪትስን ለማጥናት የሚነሳ ተማሪ አብዛኛውን ጊዜ ከመጨረሻው ይጀምራል። ገጣሚው በ25 ዓመቱ እንደሞተ፣ ሮም እንደተቀበረ፣ የመቃብሩ ድንጋይ ላይ «ስሙ በውኃ የተጻፈ ሰው እዚህ ዐርፏል» የሚል ቃል እንዳለ አስቀድሞ ይሰማል። ከዚያ ወደ ግጥሞቹ ይዞርና በየስንኙ ሞትን ይለቅማል። የፈለገ አያጣምና ያገኛል። ያገኘው ግን ራሱ ይዞት የገባውን ነው።

ይህን የምጽፍላችሁ የመመረቂያ ጽሑፍ ለምታዘጋጁትም፣ ከክፍል ውጪ በፍቅር ብቻ ለምታነቡትም ነው። የምለው ነገር አንድ ነው፤ ሌላው ሁሉ የእሱ ዝርዝር ነው። እያንዳንዱን ወረቀት በተጻፈበት ቀን ላይ ቆማችሁ አንብቡት።

አንድ ምሳሌ ልስጣችሁ። «መኖሬ ያበቃል የሚል ፍርሃት ሲይዘኝ» ብሎ የሚጀምር ሶኔት (የ14 ስንኝ ግጥም) አለው። ብዙ ተማሪ ይህን የሚሞት ሰው ኑዛዜ አድርጎ ይጽፈዋል። ግጥሙ የተጻፈው በጃንዋሪ 1818 ነው። ኪትስ ደም የተፋው በፌብሩዋሪ 3 ቀን 1820 ነው፤ በመካከሉ ሁለት ዓመት አለ። በዚያው በ1818፣ በጁላይና በኦገስት፣ ከወዳጁ ከቻርልስ ብራውን ጋር የስኮትላንድን ተራራ በእግሩ ሲወጣና ሲወርድ ነበር። ሶኔቱ በጭንቅላቱ የሞላውን ሳይጽፍ እንዳይቀር የሚሰጋ የ22 ዓመት ወጣት ግጥም ነው። ሞትን ከዚህ ማውጣት አይቻልም፤ ትንቢት ማድረግ ግን ስሕተት ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ የቀን ሰንጠረዥ ማዘጋጀት ነው። አንድ ትልቅ ደብተር ክፈቱና ገጹን በአራት ዓምድ ከፍሉት፦ ቀን፣ ቦታ፣ የተጻፈ ግጥም፣ የተጻፈ ደብዳቤ። ለ1816 እና ለ1817 በዓመት ሁለት ገጽ ይበቃል። ለ1818 አራት ገጽ፣ ለ1819 ቢያንስ ስምንት ገጽ ተዉ፤ አብዛኛው ትልቁ ሥራው እዚያ ነው። ቀኑን በአውሮፓውያን አቆጣጠርና በወራቸው ስም ጻፉ። «ሴፕቴምበር»ን «መስከረም» ብሎ የሚጽፍ ተማሪ ወር ሳይሞላ ከራሱ ማስታወሻ ጋር ይጣላል።

የሰንጠረዡ ምሰሶዎች እነዚህ ናቸው። ኪትስ በኦክቶበር 31 ቀን 1795 ለንደን ውስጥ ተወለደ። አባቱ ፈረስ አከራይ ቤት ያስተዳድር ነበር፤ በ1804 ከፈረስ ወድቆ ሞተ። እናቱ በ1810 በሳንባ ነቀርሳ ሞተች። ልጁ ኤድመንተን በሚባል ቦታ ለቶማስ ሐመንድ፣ ለቀዶ ጥገናና መድኃኒት ባለሙያው፣ ተለማማጅ ሆነ። በኦክቶበር 1815 ለንደን ጋይስ ሆስፒታል ገባ፤ በጁላይ 1816 የመድኃኒት ቀማሚነት ፈቃድ ፈተናውን አለፈ። የመጀመሪያ ግጥሙ ከፈተናው ቀደም ብሎ በሜይ 1816 ታትሟል። መጽሐፎቹ ሦስት ብቻ ናቸው፤ በ1817፣ በ1818 እና በጁላይ 1820 ወጡ። ወንድሙ ቶም በዲሴምበር 1 ቀን 1818 በነቀርሳ ሞተ። ታላላቆቹ ኦዶች (አንድን ነገር እያነጋገሩ የሚያወድሱ ግጥሞች) በ1819 ጸደይ፣ የመጸው ግጥሙ በሴፕቴምበር 19 ቀን 1819 ተጻፉ። በሴፕቴምበር 1820 በመርከብ ወደ ጣሊያን ሄደ፤ በፌብሩዋሪ 23 ቀን 1821 ሮም ላይ ሞተ።

አሁን ቁጠሩት። ከመጀመሪያው የታተመ ግጥም እስከ መጀመሪያው ደም መትፋት 45 ወር ነው። ይህን ቁጥር ሰንጠረዡ አናት ላይ ጻፉት፤ «የኪትስ የበሰለ ዘመን» እያላችሁ ስትጽፉ የምታወሩት ስለ ጥቂት ወራት መሆኑን ያስታውሳችኋል።

ስሞቹ ላይ ተጠንቀቁ፤ እዚህ የማይወድቅ የለም። አባቱም ቶማስ፣ ወንድሙም ቶማስ ነው። እናቱ ፍራንሲስ፣ እኅቱ ፍራንሲስ፣ የወደዳት ልጅም ፍራንሲስ ናት፤ ሁለቱ ወጣቶች «ፋኒ» ይባላሉ። ስለዚህ «ፋኒ» ብላችሁ ብቻ አትጻፉ፤ ፋኒ ኪትስ ወይም ፋኒ ብራውን በሉ። ይህችኛዋ ብራውን ደግሞ ከቻርልስ ብራውን ጋር ዝምድና የላትም፤ በእንግሊዝኛ ፊደሉም ይለያያል፣ በእኛ ፊደል ግን አንድ ሆኖ ይወጣል። ሃንትም ሁለት ነው። ሊ ሃንት ግጥሙን መጀመሪያ ያተመለት ጋዜጠኛና ገጣሚ ነው። ሄንሪ ሃንት በኦገስት 1819 ማንቸስተር ውስጥ ፈረሰኛ ጦር የበተነው ስብሰባ ዋና ተናጋሪ ነው። ኪትስ በ1819 ደብዳቤው ሃንትን ለመቀበል ለንደን ጎዳና ላይ ሕዝብ እንደወጣ ሲጽፍ የሚናገረው ስለ ሁለተኛው ነው።

የሕክምና ትምህርቱን በአንድ ዓረፍተ ነገር አትለፉት። በሆስፒታሉ ሥራው የቀዶ ሐኪም ረዳት ሆኖ ቁስል ማጠብና ማሸግ ነበር። ያ ዘመን ማደንዘዣ ያልነበረበት ነው፤ በሽተኛው እየጮኸ ነው የሚቆረጠው። የአስትሊ ኩፐርን የሰውነት አካል ትምህርት የጻፈበት ደብተር እስካሁን አለ። አሁን በሌሊት ለምትዘምር ወፍ ወደ ጻፈው ወደ ናይቲንጌል ኦድ ሂዱ። የመጀመሪያው አንጓ ላይ መርዛም ተክልና ኦፒየም ተጠርተዋል፤ የሚጠራቸው መድኃኒት ቀማሚ ነው፣ መጠናቸውንና የሚያደርሱትን ያውቃል። ሦስተኛው አንጓ ላይ ትኩሳት፣ የሚንቀጠቀጥ ሽበት፣ ገርጥቶና እንደ ጥላ ከስቶ የሚሞት ወጣት አለ። ይህ ወጣት ማን ነው? ከመቃብሩ ጀምሮ የሚያነብ ሰው «ራሱ ኪትስ» ይላል። ሰንጠረዡን የያዘ ሰው ግን ግጥሙ የተጻፈው በሜይ 1819፣ ቶም ከሞተ ከአምስት ወር ተኩል ገደማ በኋላ መሆኑን ያያል። ያን ወጣት አስታሞ የቀበረው ገጣሚው ነው። ስንኙ ወደኋላ ነው የሚመለከተው።

ቀጥሎ የጽሑፉ ጉዳይ ይመጣል። በኢንተርኔት በነፃ የምታገኙት ግጥም አብዛኛውን ጊዜ ከአሮጌ እትም የተገለበጠ ነው፤ ሌላ ንባብ ይኑር አይኑር አይነግራችሁም። ለመደሰት ይበቃል፤ ለመከራከር አይበቃም። ለክርክር ጃክ ስቲሊንገር በ1978 ያዘጋጀውን እትም ፈልጉ፤ ከየገጹ ግርጌ ልዩነቶቹን ያሳያል። ካጣችሁ ደግሞ በሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የሆውተን ቤተ መጻሕፍት የኪትስን የእጅ ጽሑፎች ፎቶ አንስቶ ለሁሉም ክፍት አድርጓል፤ አዲስ አበባም ሆነ ጎንደር ያለ ስልክ ይከፍተዋል። ፎቶው ከባድ ስለሆነ አንድ ጊዜ አውርዳችሁ አስቀምጡት።

ልዩነት ለምን ያስጨንቃል? ሦስት ቦታ ላሳያችሁ።

አንደኛው የግሪክ ጋን ኦድ መጨረሻ ነው። «ውበት እውነት ነው፣ እውነትም ውበት» የሚለው ቃል በ1820ው መጽሐፍ በትእምርተ ጥቅስ ውስጥ ነው፤ ጥቅሱ ከዚያ ላይ ይዘጋና የቀረው ከጥቅስ ውጪ ይሆናል። በዚያው ዓመት መጀመሪያ በመጽሔት ሲወጣ ግን ትእምርተ ጥቅስ የለም። በኪትስ እጅ የተጻፈ ቅጂ አልተረፈም፤ ያለን ሌሎች የገለበጡት ነው። እንግዲህ ጋኑ የሚናገረው የቱን ያህል ነው? ገጣሚው በራሱ ድምፅ የሚናገረውስ የቱ ነው? መልሱ በአንዲት ምልክት ላይ ተንጠልጥሏል። «ኪትስ ውበት እውነት ነው ብሎ ያምናል» ብሎ የሚጽፍ ተማሪ የጋን ንግግር ለሰው እየሰጠ ሊሆን ይችላል።

ሁለተኛው «ምሕረት የለሿ ውብ እመቤት» የሚለው ባላድ፣ ታሪክ የሚተርክ ግጥም፣ ነው። በኤፕሪል 21 ቀን 1819 ለወንድሙ በጻፈው ደብዳቤ ውስጥ ስናገኘው ባለታሪኩ የጦር ፈረሰኛ ነው። በሜይ 1820 በጋዜጣ ሲታተም «ምስኪን ሰው» ሆነ። በደብዳቤው ላይ ፈረሰኛው የሴቲቱን ዓይኖች በአራት መሳም ይዘጋቸዋል፤ ኪትስም ከግጥሙ ሥር «ለምን አራት ትሉኛላችሁ» ብሎ በራሱ ላይ ይቀልዳል። በታተመው ቅጂ ቁጥሩ ጠፍቷል። የግጥም መድበሎች አብዛኞቹ የደብዳቤውን ንባብ ይከተላሉ። የእኔን ፍርድ ከጠየቃችሁ ፈረሰኛው ይበልጣል፤ ግን የትኛውን እንደተጠቀማችሁ ሳትናገሩ አትለፉ።

ሦስተኛው ትንሽ ይመስላል። በኦዱ ርእስ ላይ ናይቲንጌሏ በእጅ ጽሑፉና በመጽሔቱ «ያቺ የታወቀችው» የሚያሰኝ መስተአምር አላት፤ በመጽሐፉ ላይ «አንዲት» ሆነች። አማርኛችን ይህን በቀላሉ ስለማያሳይ ተርጓሚው ሳያየው ያልፋል።

የዚህ ኦድ የእጅ ጽሑፍ ካምብሪጅ፣ ፊትዝዊልያም ሙዚየም ነው ያለው። ቻርልስ ብራውን ከ15 ዓመት በላይ ቆይቶ በጻፈው ትዝታ ኪትስ ወንበር ይዞ ከፕለም ዛፍ ሥር ሁለት ሦስት ሰዓት ተቀምጦ፣ አራት ወይም አምስት ቁራጭ ወረቀት ይዞ ተመለሰ ይላል። የተረፈው የእጅ ጽሑፍ ግን በሁለት ወረቀት ላይ ነው። ብራውን ዋሽቷል ማለት አይደለም፤ ሰው ከብዙ ዓመት በኋላ ያስታወሰው ነው። በማስታወሻችሁ ላይ ሁልጊዜ ሁለት ቀን ጻፉ፦ ነገሩ የሆነበትን ቀንና ነገሩ የተጻፈበትን ቀን። ወዳጁ ሠዓሊው ጆሴፍ ሰቨርን ኪትስን ናይቲንጌል ሲያዳምጥ የሳለው ሥዕልም ገጣሚው ከሞተ በኋላ የተሳለ ነው፤ እንደ ፎቶ አትጥቀሱት።

ወደ ደብዳቤዎቹ ልምጣ፤ እዚህ ላይ ጊዜ አትቆጥቡ። ሃይደር ሮሊንስ በ1958 በሁለት ቅጽ ያዘጋጃቸው ናቸው መደበኛዎቹ። ኪትስ ፊደል ይገድፋል፣ ዓመት መጻፍ ይረሳል፣ ቀልድና ሐዘን ያለ አራት ነጥብ ያገናኛል። ወረቀት ለመቆጠብ ገጹን ጽፎ ሲጨርስ አዙሮ በጽሑፉ ላይ አግድም የሚጽፍበት ጊዜ አለ። አዘጋጆቹ ቀኑን የሚያገኙት ከፖስታ ማኅተምና ከወሬው ይዘት ነው፤ በቅንፍ ያለ ቀን ስታዩ የአዘጋጁ ግምት መሆኑን እወቁ።

አነባበቡ እንዲህ ነው። አንድ ግጥም ስትይዙ ከግጥሙ በፊት ያሉትን ሁለት ሳምንታትና ከግጥሙ በኋላ ያለውን አንድ ሳምንት ደብዳቤ አንብቡ። ከዚያ አትራቁ። ከፌብሩዋሪ 14 እስከ ሜይ 3 ቀን 1819 ድረስ እየቀጠለ የጻፈው፣ አሜሪካ ለሄዱት ለወንድሙ ለጆርጅና ለሚስቱ ለጆርጂያና የላከው ረጅም ደብዳቤ ብቻውን አንድ ሳምንት ይፈልጋል። ባላዱም፣ የሳይኪ ኦድም፣ ዓለም «የነፍስ መሠሪያ ሸለቆ» ናት የሚለው አሳቡም እዚያ ውስጥ ነው። ሰዎች ይህን አሳብ ነቅለው ይጠቅሱታል፤ ከየት ተነስቶ እንደመጣ ግን አያዩም።

በጣም የተጠቀሰው ደብዳቤ ደግሞ በጣም ጥንቃቄ የሚሻው ነው። «ኔጌቲቭ ካፓቢሊቲ» የሚባለው፣ ሰው በጥርጣሬና በምሥጢር ውስጥ ሆኖ ማስረጃና ምክንያት ለመጨበጥ ሳይቅበጠበጥ መቆየት መቻሉ፣ በዲሴምበር 1817 ደብዳቤ ላይ አንድ ጊዜ ብቻ ነው የተጻፈው። ኪትስ ከዚያ በኋላ ቃሉን በሌላ ደብዳቤ አልደገመውም። ዋናው ወረቀትም ጠፍቷል። ያለን የጆርጂያና ሁለተኛ ባል የነበረው ጆን ጄፍሪ በ1845 ገደማ የገለበጠው ነው፤ ጄፍሪ ደግሞ ሲገለብጥ ይዘልላል፣ ይሳሳታልም። ስለዚህ «የኪትስ ፍልስፍና» ብላችሁ 40 ገጽ አትገንቡበት። አንድ ብልህ ወጣት ከወዳጆቹ ጋር አምሽቶ ወደ ቤት ሲመለስ የመጣለት አሳብ ነው። ክብሩም እዚያው ላይ ነው።

አሁን «ትችት ገደለው» ወደሚለው አፈ ታሪክ። በ1818 ሁለት መጽሔቶች ሁለተኛ መጽሐፉን፣ ኤንዲሚየንን፣ አዋረዱት፤ አንደኛው የቀድሞ መድኃኒት ቀማሚነቱን እያነሳ ወደ ሱቅህ ተመለስ አለው። ገጣሚው ፐርሲ ሼሊ በ1821 የልቅሶ ግጥሙ መግቢያ ላይ ሞቱን ከትችቱ ጋር አያያዘው፤ ሌላው ገጣሚ ባይረን ደግሞ በአንድ ጽሑፍ ተነፍቶ የጠፋ ሻማ አስመስሎ ቀለደበት። ከዚያ ወዲህ ታሪኩ አልሞተም። ማስረጃውን በቀን አሰልፉት። ትችቶቹ የወጡት በኦገስትና በሴፕቴምበር 1818 ነው። በዚያው ኦክቶበር ኪትስ ለአሳታሚው በጻፈው ደብዳቤ፣ ውበትን የሚወድ ሰው የራሱ ሥራ ጨካኝ ዳኛ ስለሚሆን ሙገሳም ወቀሳም ለአፍታ ብቻ ነው የሚነካው ብሏል። ለወንድሙም ከሞትኩ በኋላ ከእንግሊዝ ገጣሚዎች መካከል እሆናለሁ ብዬ አስባለሁ ሲል ጽፏል። ቀጥሎ ባሉት 12 ወራት ትልልቆቹን ግጥሞች ሁሉ ጻፈ። በ1820 አሳታሚዎቹ ሃይፔሪየን የተባለው ግጥም ያልተጨረሰው በትችቱ ምክንያት ነው የሚል ማስታወቂያ መጽሐፉ መግቢያ ላይ ሲያደርጉ፣ ኪትስ ለሰው በሰጠው አንድ ቅጂ ላይ «ይህ ውሸት ነው» ብሎ በእጁ ጽፎበታል። የገደለው ነቀርሳ ነው። ሮም ውስጥ አስከሬኑ ሲከፈት ሳንባው አልቆ ተገኝቷል። እናቱንና ወንድሙን የገደለው በሽታ ነው፤ ቶምን ደግሞ በአንድ ጠባብ ቤት ውስጥ ለወራት ያስታመመው እሱ ነበር። በሽታውን የሚያመጣውን ባክቴሪያ ሮበርት ኮክ ያሳየው በ1882 ነው።

የመቃብሩ ድንጋይ ራሱ ይህን አፈ ታሪክ ይሸከማል። ኪትስ የጠየቀው ያቺን አንዲት ዓረፍተ ነገር ብቻ ነበር። ስለ ጠላቶቹ ክፉ ኃይል የሚያወራውን ቃል የጨመሩት ብራውንና ሰቨርን ናቸው። ድንጋዩ ላይ ያለው ቀንም ፌብሩዋሪ 24 ነው፤ የሞተው ግን በ23 ሌሊት ነው። አብዛኛውን ጊዜ የሚሰጠው ማብራሪያ ሮም በዚያን ጊዜ አዲሱን ቀን ከምሽት ጀምራ ትቆጥር ነበር የሚል ነው። ዋዜማን ለሚያውቅ ይህ አይከብደውም።

አሁን አንድ ግጥም ይዘን እንሥራ፤ የመጸው ግጥሙን። ሦስት አንጓ፣ እያንዳንዱ 11 ስንኝ፣ ድምር 33። በሴፕቴምበር 19 ቀን 1819፣ እሑድ፣ ዊንቸስተር ከተማ ተጻፈ። በእኛ መስከረም 9 ቀን 1812 ዓ.ም. ማለት ነው። እዚህ ላይ የእኛ አንባቢ የሚወድቅበት ጉድጓድ አለ። የዓመቱ ወቅት በስሙ መጸው ነው፤ በእኛ አገር ግን መስከረም ዝናብ የሚያባራበት፣ አደይ የሚፈነዳበት፣ እህሉ ገና ማሳ ላይ አረንጓዴ የሆነበት መክፈቻ ነው። በእንግሊዝ ያው ቀን መዝጊያ ነው፤ እህሉ ታጭዷል፣ ፖሙ በስሏል፣ ወፎቹ ለመሄድ ተሰብስበዋል። ርእሱን «ለበልግ» ብለው የሚተረጉሙ አሉ፤ የእኛ በልግ የሚዘንበው ከየካቲት ጀምሮ ነውና ግጥሙን ገልብጠው ያቆሙታል። «ለመጸው» በሉና በግርጌ ማስታወሻ አስረዱ።

የሥራው ቅደም ተከተል ይህ ይሁን። መጀመሪያ ያለ መዝገበ ቃላት ሦስት ጊዜ ጮክ ብላችሁ አንብቡት። ከዚያ በእጃችሁ ገልብጡት፤ በስንኝና በስንኝ መካከል ሁለት መስመር ተዉ። ኮምፒዩተር ላይ መቅዳት አይተካውም፤ እጅ ሲገለብጥ ነው ነጠላ ሰረዙ የሚታየው። በሦስተኛው ቀን መዝገበ ቃላት አውጡ፣ ግን በዚያ ዘመን የነበረውን ትርጉም ፈልጉ። በአራተኛው ቀን በሴፕቴምበር 21 ቀን ለወዳጁ ለሬይኖልድስ የጻፈውን ደብዳቤ ከጎኑ አድርጉ። አየሩ እንዴት ያምራል፣ አጨዳ ያለቀበት ማሳ እንደዛሬ ደስ ብሎኝ አያውቅም፣ ከጸደይ ቀዝቃዛ አረንጓዴ ይሻላል፣ አንዳንድ ሥዕል እንደሚሞቅ ይህም ይሞቃል፤ እሑድ ስንሸራሸር ይህ በጣም ነክቶኝ ግጥም ጻፍኩበት ይላል። ግጥሙ ላይ ያው ማሳ በሦስተኛው አንጓ በቀይ ብርሃን ተነክቶ ይመጣል። ሰውየው የጻፈው ስለሚሞቅ ማሳ ነው።

በአምስተኛው ቀን የእጅ ጽሑፉን ፎቶ ክፈቱ። በሦስተኛው አንጓ መጀመሪያ የጻፈው የወርቅ ደመና የሚሞተውን ቀን በወርቅ ሲለብጥ የሚል ነበር። ወርቅ ሁለት ጊዜ ሆነበት፤ ሰረዘው። በምትኩ ሸንተረር የሠራ ደመና ቀኑን ያፈካዋል አለ። ያማረውን ትቶ የታየውን ያዘ። ስለ ኪትስ አሠራር ከዚህች እርማት የምትማሩት ከአንድ ምዕራፍ ትንታኔ ይበልጣል።

ስለ ምጣኔ። የእኛ ጆሮ ቀለም ቆጣሪ ነው፤ ወል ቤት ስድስት ቀለም ሲደመር ስድስት ነው፣ መሐሉ ላይ ትንፋሽ አለ። የኪትስ ስንኝ በመደበኛው አሥር ቀለም ነው፤ ልቡ ግን ያለው አምስቱ ጫና፣ ድምፅ ጠንክሮ የሚወጣባቸው ቀለሞች፣ ላይ ነው። አማርኛ ተናጋሪ አሥሩንም እኩል ያነብባቸውና ሙዚቃው ይጠፋበታል። መፍትሔው ቀላል ነው፤ ጫና በሚያርፍበት ቀለም ላይ ጠረጴዛውን በጣት ምቱ፣ በስልካችሁ ቅዱት፣ መልሳችሁ አዳምጡ። ናይቲንጌል ኦድ ላይ እያንዳንዱ አንጓ አሥር ስንኝ ሆኖ ስምንተኛው ሦስት ጫና ብቻ ነው ያለው፤ ጣታችሁ እዚያ ሲደናቀፍ በትክክል እያነበባችሁ ነው። የመጸው ግጥም 11ኛ ስንኝ ደግሞ ከኦዶቹ አንድ ይተርፋል። ቤት የሚዘጋው ከመጨረሻው በፊት ባሉት ሁለት ስንኞች ነው፤ የመጨረሻው ስንኝ ከዚያ በኋላ ይዘገያል። አልቋል ስትሉ ይቀጥላል፤ ንቦቹም ሞቃቱ ቀን የማያልቅ ይመስላቸዋል ይላልና።

ሰምና ወርቅ ያሳደገን ሰዎች ሌላም ድክመት አለብን። ስንኝ ካየን ወርቁን ቆፍረን ካላወጣን አንበላም። ኪትስ ላይ ይህ ጎጂ ነው። በፌብሩዋሪ 3 ቀን 1818 ለሬይኖልድስ ሲጽፍ፣ ግልጽ ዓላማ ይዞ የሚመጣብንን ግጥም እንጠላለን ብሏል። ፖሙ ፖም ነው፣ ቃራሚዋ ቃራሚ ናት። የቅኔ ልምዳችሁ የሚጠቅመው ሌላ ቦታ ነው፤ አንድ ቃል ሁለት ሥራ ሲሠራ ቶሎ ይታያችኋል። ያን ተጠቀሙበት፣ ድብቅ መልእክት ግን አትፈልጉ።

ትርጉም ሞክሩ። ለኅትመት ሳይሆን ለመማር፣ በሳምንት ከ10 ስንኝ ሳይበልጥ። አማርኛ እንግሊዝኛ የማይጠይቀውን ይጠይቃችኋል። ጋኑን «አንተ» ትሉታላችሁ ወይስ «አንቺ»? ኪትስ የዝምታ ሙሽራ ብሏታልና «አንቺ» ነው። ናይቲንጌሏን የዛፍ መንፈስ ከሆኑ የግሪክ ልጃገረዶች ጋር ስላመሳሰላት እሷም «አንቺ» ናት፤ በተፈጥሮ በሌሊት የሚዘምረው ወንዱ ወፍ ነው እንጂ። የመጸው ግን ያስቸግራል። ጎተራ ወለል ላይ ሳይጨነቅ ተቀምጦ ነፋሱ ፀጉሩን ሲያነሳው ይታያል፤ ወንድ ነው ሴት? እንግሊዝኛው ዝም ብሏል። እኛ «ፀጉርህ» ወይም «ፀጉርሽ» ሳንል ማለፍ አንችልም። የመረጣችሁትን ምረጡ፤ ከዚያ እስከ 33ኛው ስንኝ ድረስ ምርጫችሁ ምን እንዳበላሸና ምን እንዳበራ በአንድ ገጽ ጻፉ። ያ ገጽ ከትርጉሙ በላይ ዋጋ አለው።

በነገራችን ላይ እኛን የሚነካ ትንሽ ነገር አለ። በፌብሩዋሪ 1818 ኪትስ፣ ሼሊና ሊ ሃንት አብረው ተቀምጠው ስለ ናይል አንድ አንድ ሶኔት ጽፈዋል። ኪትስ ወንዙን የአፍሪካ የጨረቃ ተራሮች ልጅ ይለዋል፤ የጥንት ካርታ ነው የያዘው። ሼሊ ዝናቡ የኢትዮጵያን ስውር ሸለቆዎች ሲያርስ ያያል። ጄምስ ብሩስ ስለ ግሽ ዓባይ የጻፈው መጽሐፍ ከወጣ ያኔ 28 ዓመት ሆኖታል። ሦስቱን አወዳድሩ፤ ጥሩ የክፍል ሥራ ይወጣዋል። የኪትስ ከሦስቱ ምርጡ አይደለም።

አንድ የመጨረሻ ወረቀት ይቀራል። በኖቬምበር 30 ቀን 1820 ከሮም ለቻርልስ ብራውን የጻፈው፣ በእጃችን ካሉት የመጨረሻ ደብዳቤው ነው። እውነተኛው ሕይወቴ አልፏል፣ ከሞት በኋላ ያለ ኑሮ የምኖር ይመስለኛል የሚለው እዚያ ነው። ቀድማችሁ እንዳታነቡት። ሰንጠረዡ እስኪሞላ፣ ሦስቱ መጽሐፎች እስኪያልቁ አቆዩት። ሲደርስ ቁጭ ብላችሁ በአንድ ጊዜ ጨርሱት፤ ረጅም አይደለም። መዝጊያው ላይ በደብዳቤም ቢሆን ደኅና ሁን ማለት ይከብደኛል ይልና ይቅርታ በሚመስል ድምፅ ይጨምራል፦ እጅ ስነሳ ሁልጊዜ አያምርብኝም ነበር። ከዚህ በኋላ የ85 ቀን ባዶ ዓምድ ነው።